በቀፎ ውስጥ የተገኘ ጅራት አልባ ጊንጥ፦ ይረጭበት ወይስ ይተው?

ጥያቄ፦ ንቦቼን ከባህላዊ ቀፎ ወደ ዘመናዊ ሳዛውር፣ በአሮጌው ቀፎ ስንጥቅ ውስጥ ሰሊጥ የሚያክሉ፣ ጊንጥ የሚመስሉ ነፍሳት አየሁ። አንዱ የንብ እግር ላይ ተጣብቆ ነበር። ንቦቼን ሳይጨርሱብኝ ፀረ ተባይ ልርጭ?

መልስ፦ እባክዎ አይርጩ። ያዩት ሐሰተኛ ጊንጥ ነው። በቀጭን ሣር ጫፍ ነካ ያድርጉት፤ መቆንጠጫውን ሰብስቦ ወደ ኋላ ፈጥኖ ይሸሻል። ጅራትም መናደፊያም የለውም፤ ሰውንም አይጎዳ። በአፍሪካ ቀፎዎች ውስጥ ኤሊንግሴኒየስ የሚባለው ወገን ከንብ ጋር ይኖራል። ዘመዶቹ ደግሞ በዛፍ ቅርፊት ሥር፣ በገለባ ክምርና በወፍ ጎጆ ይገኛሉ። የንብ እግር የሚይዘው ደም ሊመጥ ሳይሆን ሊጓጓዝ ነው። ምግቡ ከራሱ ያነሱ ነፍሳት ናቸው።

ባህላዊው ቀፎ በጭቃና በእበት ስለሚለሰን ስንጥቅ አያጣም፤ መደበቂያው ያ ነው። ተልጎ የለሰለሰው የዘመናዊ ቀፎ ጣውላ ግን አያስጠልለውም። ስለዚህ አሮጌውን ቀፎ ከማቃጠልዎ በፊት በነጭ ጨርቅ ላይ ያራግፉትና የወደቁትን በላባ ጠርገው ደረቅ ገለባ ባለበት ዕቃ ይሰብስቡ። ከአዲሱ ቀፎ ወለል ሥር 5 ሳንቲ ሜትር ጥልቀት ያለው መሳቢያ ያድርጉ፤ ደረቅ ቅርፊትና ገለባ ሞልተው የሰበሰቧቸውን ሐሰተኛ ጊንጦች ይጨምሩና ቀዳዳው 3 ሚሊ ሜትር በሆነ ወንፊት ይሸፍኑት። ንብ አያልፍበትም፣ እሱ ያልፋል። መሳቢያው ብዙ ጊዜ የሚበላሸው እርጥበት ሲገባበት ነው፤ ገለባው ይሻግታል፣ የሰም ብልም ይራባበታል። በየወሩ ያዩት፤ ከረጠበ አሮጌውን በአዲሱ ላይ አራግፈው ይለውጡ።

ሆኖም ቫሮዋን (በንብ ላይ ተጣብቆ የሚኖረውን ጥቃቅን ጥገኛ ተባይ) ሐሰተኛ ጊንጡ ይጨርስልኛል ብለው አይዘናጉ። ቫሮዋ ሲበላ ታይቷል፤ መንጋን ብቻውን ያድናል የሚያሰኝ ማስረጃ ግን የለም። የቫሮዋውን ቁጥር ራስዎ ይለኩ። እጭ ካለበት ፍሬም፣ ንግሥቲቱ እንደሌለችበት አረጋግጠው፣ ግማሽ ብርጭቆ ንብ (300 ገደማ) ክዳኑ ወንፊት በሆነ ማሰሮ ያስገቡ። 2 የሾርባ ማንኪያ በደንብ የደቀቀ ስኳር ጨምረው 1 ደቂቃ ቀስ ብለው ያንከባልሉ፤ 2 ደቂቃ ቆይተው ማሰሮውን ገልብጠው በነጭ ሳህን ላይ ያራግፉ። ውኃ ጠብ ሲያደርጉበት ስኳሩ ይሟሟና ቀይ ቡናማዎቹ ቫሮዋዎች ይቀራሉ። ከ9 ከበለጡ የወረዳዎን የንብ ባለሙያ ያማክሩ። ንቦቹ በስኳር ከመነስነስ በቀር ስለማይጎዱ ወደ ቀፏቸው ይመልሷቸው።

የቫሮዋ መድኃኒት ከታዘዘልዎ መሳቢያውን አስቀድመው ያውጡ። ሐሰተኛ ጊንጥ ከቫሮዋና ከሸረሪት ወገን ስለሆነ እሱም አብሮ ሊያልቅ ይችላል።