ነታንያ ላይ ለሰፈሩ ልጆች ሥራ ልጀምር ላልሽው እህቴ

እህቴ፣ «እዚህ እስራኤል፣ ነታንያ ውስጥ ማታ ማታ መናፈሻ የሚያመሹትን የእኛን የቤተ እስራኤል ልጆች መርዳት እፈልጋለሁ፤ ከምን ልጀምር?» ብለሻል። እኔ ረሆቮት፣ ቂርያት ሞሼ ነው የምሠራው። የአንቺም ሰፈር ከእኛ የሚለይ አይመስለኝም።

1. ሞአዶን (የወጣቶች ክበብ) ልክፈት ብለሽ አትነሺ። ኳሱም ፒንግ ፖንጉም ይደርሳል። መጀመሪያ ልጆቹ ያሉበት ሄደሽ ተቀመጪ፣ ስማቸውን ያዢ።

2. የወላጆቹን ስልክ ያዢ፣ የአንቺንም ስጪ። ልጅ ሲያዝ ፖሊስ ለወላጅ ማሳወቅ አለበት። እናቲቱ ስልኩን አንስታ ዕብራይስጡ ባይገባትም ግን «ተነግሯታል» ተብሎ ይታለፋል። ልጁ ከምርመራው በፊት ጠበቃ የማማከር መብት አለው። ለታሰረ ልጅ መንግሥት ተከላካይ ያቆምለታል። 14 ዓመት የሞላውን ልጅም በመደበኛው ከ22:00 እስከ 7:00 መመርመር አይፈቀድም። ይህን ልጆቹ በቃላቸው ይያዙት።

3. ፖሊስ በልጁ ላይ የሚከፍተው ፋይል። ሌላውን ሁሉ ብትረሺ ይህን አትርሺ።

በ2019 የእኛው ወጣት ሰለሞን ተካ ሐይፋ፣ ቂርያት ሐይም ውስጥ ከሥራ ሰዓት ውጭ በነበረ ፖሊስ ጥይት ሲሞት ልጆቻችን አደባባይ ወጡ። ከሰፈራችን አንድ ልጅ ሰልፉ ላይ ተያዘ። ድንጋይ አልወረወረ፣ ሰው አልነካ። ተለቀቀ፣ ቆይቶ «ፋይሉ ተዘግቷል» የሚል ደብዳቤ መጣ። እናቱ እልል አለች። ደብዳቤው ግርጌ ላይ የተዘጋበት ምክንያት ተጽፏል፦ የማስረጃ እጥረት። ማንም አላስረዳቸውም። በዚህ ምክንያት የተዘጋ ፋይል ከፖሊስ መዝገብ ወዲያው አይጠፋም፣ ሠራዊቱም ያየዋል። ወዲያው የሚሰረዘው «ሄዔደር አሽማ»፣ ጥፋት የለበትም ተብሎ ሲዘጋ ነው። ልጁ የተመኘው የጦር ክፍል በሩን ሲዘጋበት ነው ነገሩ የታወቀው።

ከእናቱ ጋር ጣቢያ ሄድን። መስኮቱ ላይ ያለችው ሴትዮ እናቱን ቀና ብላ እንኳ አላየቻትም። «ዕብራይስጥ የሚችል ሰው አምጡ» አለች፣ እኔ በዕብራይስጥ እያናገርኳት! «አንቺስ ምኑ ነሽ?» ብላ ደግሞ እኔን መለሰችኝ። ልጆች አሳድጋ፣ ቤት ጠርጋ የኖረች እናት እንደዚያ ስትዋረድ ማየት እስከ ዛሬ ያንገበግበኛል።

መስኮቱን ተይው። የመዝጊያ ምክንያቱ እንዲቀየር በጽሑፍ ይጠየቃል፣ ማመልከቻውም ፋይሉን ለዘጋው ክፍል ነው የሚገባው። በጠበቃ በኩል የምርመራውን ሰነድ አወጣን። ልጁን ድንጋይ ሲወረውር አየሁት ያለ አንድ ሰው የለበትም! ያንኑ ጻፍን፣ ከትምህርት ቤቱም የድጋፍ ደብዳቤ አያያዝን። ተቀየረለት። ዛሬ የውትድርና አገልግሎቱን ጨርሶ ታናናሾቹን እኔ ዘንድ ይዞልኝ ይመጣል። በዚህ ልጅ እኮራለሁ፣ በእናቱም።

4. መታወቂያን በተመለከተ፣ በ2021 ከፍተኛው ፍርድ ቤት ፖሊስ ያለ ምክንያታዊ ጥርጣሬ ሰው አስቁሞ መታወቂያ መጠየቅ አይችልም ብሎ ፈርዷል። ክሱን ካቀረቡት አንዱ ለቤተ እስራኤላውያን መብት የሚሟገተው «ጠበቃ» የተባለው ማኅበር ነው። ልጆቹ ግን መንገድ ላይ ሕግ እየጠቀሱ እንዳይከራከሩ። ክርክሩ «ፖሊስ ሰደበ» ወደሚል ፋይል ይዞራል፣ ስንቱን አይቻለሁ። ለምን እንዳስቆማቸው በትሕትና ይጠይቁ፣ ስሙን ይያዙ፣ ለአንቺ ይደውሉ።

ነገ መናፈሻው ስትሄጂ ከመካከላቸው ደብዳቤ የደረሰው ካለ ጠይቂ። የማመልከቻችንን ቅጂ የልጁን ስም አጥፍቼ በውስጥ መስመር እልክልሻለሁ።