የጉድጓድ ውኃችን በሆስፒታል ቆሻሻ እየተበከለ ነው፤ ሰው እስኪታመም እንጠብቅ?

ጥያቄ፦ ከአጥራችን ጀርባ ባለው ዳገት ላይ አንድ የግል ሆስፒታል አለ። ቆሻሻውን በግቢው ውስጥ ባስቆፈረው ጉድጓድ ይጥላል። ባለፈው ክረምት፣ ከዝናብ በኋላ የቀዳነው ውኃ መድኃኒት መድኃኒት ይሸት ነበር፤ አንድ ቀን በባልዲው ውስጥ የመርፌ መድኃኒት ብልቃጥ ክዳን አገኘን። ኃላፊው «ቆሻሻ የሚያነሳ ድርጅት ቀጥረናል፤ ደግሞስ ማን ታመመባችሁ?» አሉን። ምን እናድርግ?

መልስ፦ «ማን ታመመባችሁ?» የሚለው አነጋገር በጣም አሳዝኖኛል፤ በሕግም ዋጋ የለውም። የአካባቢ ብክለት ቁጥጥር አዋጅ ቁጥር 300/1995 አንቀጽ 11 ማንኛውም ሰው ጥቅሜ ተነካ ብሎ ማስረዳት ሳያስፈልገው፣ በአካባቢ ላይ ጉዳት ባደረሰ ወይም ሊያደርስ በሚችል ሰው ላይ አቤቱታ እንዲያቀርብ ይፈቅዳል። «ሊያደርስ በሚችል» የሚለውን ያስተውሉ። አንድም ልጅ ሳይታመም ማመልከት ይችላሉ።

ድርጅት መቅጠራቸውም ከተጠያቂነት አያድናቸውም። የአዋጁ አንቀጽ 3 ራስ መበከልን ብቻ ሳይሆን ሌላው እንዲበክል ማድረግንም ይከለክላል። ለመሆኑ ቆሻሻውን የሚያነሳ ድርጅት ካለ የግቢው ጉድጓድ ለምን ተቆፈረ? ይህን ጥያቄ በአቤቱታዎ ላይ ይጻፉት።

ከሁሉ በፊት ግን ማስረጃ። ብዙ ሰው ደንግጦ ወዲያው የውኃ ጉድጓዱ ውስጥ ክሎሪን ይጨምራል፤ ማስረጃውም አብሮ ይጠፋል። መጀመሪያ የወረዳው የጤና ወይም የውኃ ጽሕፈት ቤት ባለሙያ ናሙና ይውሰድ። ለተሕዋስያን ምርመራ የሚሆነው ናሙና ከጀርም በጸዳ ጠርሙስ ተቀድቶ፣ ቀዝቃዛ እንደሆነ ቢዘገይ በ24 ሰዓት ውስጥ ላቦራቶሪ መድረስ አለበት። ቀኑና ሰዓቱ በቃለ ጉባኤ ይስፈር፤ ሁለት ጎረቤቶች ይፈርሙ። ክዳኑንም እንዳይጥሉት።

የሆስፒታሉ ጠበቃ አስቀድሞ የሚያነሳው መከራከሪያ «ብክለቱ ከራሳችሁ መጸዳጃ ቤት ነው» የሚል እንደሚሆን አልጠራጠርም። ስለዚህ መጸዳጃ ቤታችሁ ከውኃ ጉድጓዱ ያለውን ርቀት አስለኩ። ከሆስፒታሉ በላይ በኩል ያለ የውኃ ጉድጓድ ካለም ለማነጻጸሪያ የእሱም ውኃ ይመርመር። ምርመራው በተሕዋስያን ብቻ አይወሰን፤ ኬሚካልም እንዲታይ ይጠይቁ።

ከዚያ ለክልላችሁ የአካባቢ ጥበቃ መሥሪያ ቤት በጽሑፍ ያመልክቱ፤ ገቢ የሆነበት ቁጥርና ማኅተም ያለበት ቅጂ እጅዎ ላይ ይቅር። በ30 ቀን ውስጥ ውሳኔ ካልተሰጠ ወይም በውሳኔው ቅር ከተሰኙ፣ በ60 ቀን ውስጥ ፍርድ ቤት መክሰስ ይችላሉ። ክሱን ሲያቀርቡ ጉዳዩ እስኪወሰን በሆስፒታሉ ግቢ ባለው ጉድጓድ ውስጥ ቆሻሻ እንዳይጣል የእግድ ትዕዛዝ ይጠይቁ።

ጉዳት ደርሶ ከሆነ ደግሞ ካሣ አለ። በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 2035 ግልጽ የሆነን ሕግ መጣስ ራሱ ጥፋት ነው፤ አንቀጽ 2028 በጥፋቱ ጉዳት ያደረሰ እንዲክስ ያስገድዳል። የካሣ ጥያቄ በመደበኛው በሁለት ዓመት ውስጥ ካልቀረበ በይርጋ ይታገዳልና አይዘግዩ። ውኃ መበከል በወንጀልም ያስጠይቃል፤ የወንጀል ሕጉን አንቀጽ 517 እና 519 ጠቅሰው ለፖሊስ ማመልከት ይችላሉ።

ውጤቱ እስኪታወቅ ለመጠጥና ለምግብ የሚሆነውን ውኃ ከሌላ ቦታ ይቅዱ፤ ማፍላት ተሕዋስያንን ቢገድልም ኬሚካልን አያጠፋም። በጀሪካን የምትገዙትን ውኃ ደረሰኝ ሁሉ አስቀምጡ፤ ወጪውን ሆስፒታሉ እንዲተካ መጠየቅ ትችላላችሁ።