ላሚኔት ከማንጠፍሽ በፊት ሊሾውን ፈትኚ

እህቴ፣ ሐዋሳ ሐይቅ ዳር የምትሠሩት ቤት ሊሾው (የወለሉ የሲሚንቶ ልስን) ካለቀ ሦስት ሳምንት ሆኖታል፣ ለሳሎን ላሚኔት ይሻላል ወይስ ሴራሚክ ብለሽ ጠይቀሻል። ብዙ ሰው ስለ ቀለምና ስለ ዋጋ መልሶልሻል። እኔ የተቃጠልኩበትን ልንገርሽ።

1. ሊሾው ከላይ ስለነጣ ደርቋል ማለት አይደለም። እስከ 4 ሴንቲሜትር ውፍረት ድረስ ለእያንዳንዱ ሴንቲሜትር አንድ ሳምንት ያህል ይፈልጋል። ከዚያ በላይ ሲሆን ለአንዷ ሴንቲ ሁለት ሳምንት። ክረምት ላይ ደግሞ ይብሳል።

2. አንድ ሜትር በአንድ ሜትር የሆነ ወፍራም ላስቲክ ሊሾው ላይ ዘርግተሽ ዙሪያውን በፕላስተር አሽጊው። ከሦስት ቀን በኋላ ስትገልጪው ጤዛ ከያዘ ወይም ሊሾው ከጠቆረ እርጥበት አለ። ይህን ለእኔ የነገረኝ አልነበረም።

3. ላሚኔት ውስጡ የተጨመቀ የእንጨት ብናኝ ነው። እርጥበት ሲያገኘው ያብጣል፣ ቢደርቅም ወደ ቦታው አይመለስም። እኔ ይህን ያወቅሁት 42 ካሬ ካስነጠፍኩ በኋላ ነው። እናቴ ቁርጥማት አለባት፤ እግሯን እንዳይበርዳት ብዬ ነበር የመረጥኩት። በሁለተኛው ወር መጋጠሚያዎቹ ከንፈር አወጡ። የሳሎኑ በር አልዘጋ አለ። ቤቱ ሻጋታ ሻጋታ ሸተተ።

ዋስትና አለው ብለው የሸጡልኝ ሰዎች ጋ ሄድኩ። ሦስት ቀን አመላለሱኝ። በአራተኛው ቀን ልጅቷ ቀና ብላ እንኳ ሳታየኝ «ጥፋቱ የሊሾህ ነው፣ ሥራ አታስፈታኝ» አለችኝ። እስካሁን ያንገበግበኛል። ስለ ሊሾው ያለችው እውነት ነው። ግን ገንዘቤን ሲቀበሉ ሊሾህ ደርቋል ወይ ብሎ መጠየቅ ምን ነበረበት?

የእኛ ሰፈር መሬት ደግሞ ሌላ ጣጣ አለው። ጥቁር ውሃ የሚባለው ወንዝ ሐይቁ ውስጥ ይገባል፣ ከሐይቁ የሚወጣ ወንዝ ግን የለም። ዝቅ ያለው ቦታ ላይ ትንሽ ሲቆፈር ውሃ ይገኛል። ስለዚህ ግንበኛችሁን ከኮንክሪቱ ሥር ላስቲክ መነጠፉን ጠይቁት። ካልተነጠፈ የፈለገውን ያህል ብትጠብቁ እርጥበቱ ከታች መምጣቱን አይተውም። እኔ ቤት አልተነጠፈም ነበር።

ላሚኔቱን በሙሉ አስነሳሁና ፖርስሊን፣ ጠንካራውን የሴራሚክ ዓይነት፣ አስነጠፍኩ። በዚህኛው ሥራ እኮራለሁ። የካርቶኖቹ የቀለም ቁጥር ተመሳሳይ መሆኑን እያየሁ፣ ለሚሰበርና ለሚቆረጥ 10 በመቶ ጨምሬ ገዛሁ። ሲያነጥፉ ከጎናቸው አልተለየሁም። እያንዳንዱን በጣቴ አንኳኩቼ ባዶ ድምፅ ያለውን አስነስቼ እንደገና አሠራሁ። አንጣፊው ተነጫንጮብኝ ነበር፣ ግን እስከ ዛሬ አንድም አልተሰነጠቀም። ለእናቴ እግሯ የሚያርፍበት ቦታ ወፍራም ምንጣፍ ዘረጋሁላት፣ ብርዱንም ረሳችው።

ሊሾው የላስቲኩን ፈተና አልፎ ላሚኔት ካላችሁም ከሥሩ 0.2 ሚሊ ሜትር ላስቲክ ይነጠፍ፣ መገናኛው ላይ 20 ሴንቲ ይደራረብ። ግድግዳው ሥር አንድ ሴንቲ ክፍተት ይተውለት፣ ዞኮሎው (ግድግዳው ሥር የሚለጠፈው ጠርዝ) ይሸፍነዋል። የእኔን ግድግዳው ድረስ አስጠግተው ነበር የገጠሙት፤ ሲያብጥ መሄጃ አጥቶ መሀል ላይ ተነሳ።

ላስቲኩን ዛሬ ማታ ዘርጊው። ስትገልጪው ያየሽውን ንገሪኝ።