መልስ፦ በአባት ቦታ ስለመቀጠር

እህቴ፣ አባትሽን ነፍስ ይማር። «15 ዓመት ያገለገለበት መሥሪያ ቤት በቦታው ይቀጥረኛል ወይ?» ላልሽው፣ እኛ አገር የመንግሥት ሥራ አይወረስም፤ ክፍት ቦታ ሲወጣ ተወዳድረሽ ነው የምትገቢው። የሰማሽው የህንዱን ይመስለኛል። እዚያ በሥራ ላይ እያለ ለሞተ ሠራተኛ ቤተሰብ ዝቅ ያለ የሥራ መደብ ይሰጣል፤ ግን ጠቅላይ ፍርድ ቤታቸው በ1994 እ.ኤ.አ. ዓላማው ድንገት የተቸገረን ቤተሰብ መታደግ ነው፣ ዓመታት ካለፉ በኋላ እንደ መብት አይጠየቅም ብሏል። ልክ ነው እላለሁ፣ ሥራ ፈላጊው ብዙ ነው።

ይልቅ ጡረታውን እንዳትተዉት! እናትሽ የአባትሽን አበል ግማሽ ታገኛለች፤ ከ18 ዓመት በታች የሆኑ ወንድሞችና እህቶች ካሉሽም ድርሻ አላቸው። የጋብቻ፣ የልደትና የሞት ማስረጃ ይዛችሁ ዛሬ ነገ ሳትሉ ሂዱ።