«ባልሽ ኮንትሮሊንግ ነው» ተባልኩ፣ እውነት ነው ወይ?

ከቡሬ የመጣ ጥያቄ ነው፣ ማንነቷ እንዳይታወቅ አንዳንድ ነገር ቀያይሬ ባጭሩ አስቀምጠዋለሁ።

«ዶክተር እንደምን ሰነበቱ። ጤና ጣቢያ ነው ምሠራው፣ ነርስ ነኝ። ካገባሁ አራት አመት ሆኖኛል፣ የሁለት አመት ሴት ልጅ አለችን። ባለቤቴ የበቆሎና የበርበሬ ነጋዴ ነው፣ አይጠጣም፣ አይመታኝም፣ ቤቱንም አያጎድልም። ግን ማታ ዱቲ ስገባ ሦስቴ አራቴ በቪዲዮ ይደውልና ካሜራውን አዙሪው፣ ማን ማን አለ ይለኛል። ካላነሳሁ ጠዋት ፊቱ ይጠቁርና ለቀናት አያናግረኝም። የባንክ ፒኔን የቀየረው እሱ ነው፣ ደመወዝ ሲገባም መልእክቱ ሚመጣው በሱ ስልክ ነው። ያሳደገችኝ አክስቴ ደምበጫ ስትሞት መንገዱ አያስተማምንም ብሎ ለቅሶ ሳልደርስ ቀረሁ፣ ለአርባዋ ደግሞ መኪና እንደልብ እየሄደ አይሆንም አለኝ። ታናሽ እህቴ ባልሽ ኮንትሮሊንግ ነው ትለኛለች፣ ቲክቶክ ላይ ነው ያየችው። ሚቆጣጠር ማለት ነው አለችኝ፣ ታዲያ ባል ሚስቱን ቢቆጣጠር ምን ነውር አለው? ወይስ እኔ ነኝ ማመስገን የማላውቅ? እንቅልፍ አጥቻለሁ፣ ስልክ ሲጠራ ልቤ ይመታል።»

እህቴ፣ ከሁሉ በፊት ነፍስ ይማር፣ እግዜር ያጥናሽ። ይሄን ለወጉ አይደለም ያስቀደምኩት። ስለ ካሜራውና ስለ ፒኑ ብዙ ጽፈሽ ስለ አክስትሽ ያልሽው ትንሽ ነው፣ እኔ ግን ሳነበው ከሁሉም የከበደኝ እሱ ነው። እናት ሆና ያሳደገች ሰው ሞታ ድንኳኑ ውስጥ አለመቀመጥ፣ ከዘመድ ጋር ተቃቅፎ አለማልቀስ፣ ጎረቤቱ «ያቺ ያሳደገቻት ልጅ የት ቀረች» እያለ ሲጠያየቅ እቤት ቁጭ ብሎ መዋል፣ ይሄ በኛ በጎጃሞች ዘንድ ተረስቶ ሚቀር ነገር አይደለም። ያልወጣ ሐዘን ሰውነት ውስጥ ይቀመጣል። እንቅልፍ ማጣትሽ ከፊሉ ከዚህ ይመስለኛል፣ ስለዚህ ሌላው ሁሉ እስኪስተካከል ሳትጠብቂ እዛው ቡሬ እህትሽን ይዘሽ፣ አክስትሽን ሚያውቅ አንድ ሁለት ሰውም ጠርተሽ፣ ቡናም አፍልተሽ ቢሆን አልቅሺላት፣ ለሙት ዓመቷ ደግሞ ደምበጫ ሄደሽ ምትገኚበትን ካሁኑ አስቢ።

ጥያቄሽን በቀጥታ ልመልስ። የጻፍሽልኝ ልክ እንደጻፍሽው ከሆነ እህትሽ አልተሳሳተችም። አንቺም ማመስገን ማታውቂ አይደለሽም፣ እንዲያውም ደብዳቤሽ ሚጀምረው በምስጋና ነው፣ አይጠጣም አይመታኝም ብለሽ።

ስለ ቃሉ ስለጠየቅሽ ትንሽ ልበል። ኮንትሮል በራሱ ክፉ ቃል አይደለም፣ አንቺም ስራ ቦታ ስኳሩ ግፊቱ ኮንትሮል ሆኗል ትያለሽ፣ ራስን መግዛትንም ሰልፍ ኮንትሮል ይሉታል፣ ጥሩ ነገር ነው። ሰው ኮንትሮሊንግ ነው ሲባል ግን ሁሌም ወቀሳ ነው፣ አዋቂ የሆነ ሌላ ሰው ራሱ ሊወስነው ሚገባውን ነገር እየደጋገመ ሚነጥቅ ማለት ነው። እየደጋገመ የሚለውን ልብ በይልኝ። አንድ ቀን አምሽተሽ የት ነበርሽ ያለ፣ ወይ ወጪ በዛ ያለ ባል ኮንትሮሊንግ አይባልም፣ ሶሻል ሚዲያ ላይ ግን አሁን አሁን እንደዛ ሆኗል፣ አንዷ ባሌ ተቆጣኝ ብላ ስትጽፍ ኮመንቱ ሁሉ ኮንትሮሊንግ ነው፣ ቶክሲክ ነው፣ ፍቺው ነው ሚለው፣ ሚጎዳው ደግሞ እውነት የተቸገረችውን ነው ምክንያቱም ቃሉ ሲረክስ የሷንም ችግር ሚሰማት ታጣለች።

ቀልድ ያልሆነ ነገር መሆኑን እንድታውቂ ያህል፣ ኢቫን ስታርክ የሚባል አሜሪካዊ ምሁር በ2007 እ.ኤ.አ. ባወጣው መጽሐፍ ያሳየው ይሄንኑ ነው፣ ዱላ ባይኖርም የሴቲቱን ገንዘብ፣ ዘመድ፣ መውጣትና መግባት አንድ በአንድ በመያዝ ሰውን እስረኛ ማድረግ እንደሚቻል። እንግሊዝ በ2015 እ.ኤ.አ. በትዳርና በቤተሰብ ውስጥ ሲፈጸም ወንጀል ነው ብላ በሕጓ አስገባችው። እኛም አገር በ2008 ዓ.ም. በተደረገው የሥነ ሕዝብና ጤና ጥናት ላይ ሴቶች ስለዚህ ተጠይቀዋል፣ ባልሽ ከሌላ ወንድ ስታወሪ ይቀናል ወይ ይቆጣል ወይ፣ ታማኝ አይደለሽም ይልሻል ወይ፣ ከሴት ጓደኞችሽ እንዳትገናኚ ይከለክልሻል ወይ፣ ከቤተሰብሽ ሊያርቅሽ ይሞክራል ወይ፣ ሁልጊዜ የት እንዳለሽ ካላወቅሁ ይላል ወይ እየተባሉ። እስቲ ጥያቄዎቹን ለራስሽ አንብቢያቸው። ስንቱን አዎ እንደምትይ ለኔ መንገር የለብሽም።

አሁን ደግሞ ለሱም ልሟገት፣ ምክንያቱም የሱን ጭንቀት ሳናይ ብናልፍ ልክ አንሆንም። ባለፉት አመታት እኛ አገር መንገድ ሲዘጋ፣ ኔትወርክ ለወራት ሲጠፋ፣ ሰው ከጠዋት ወጥቶ ማታ መግባቱ ሲያጠራጥር ኖረናል፣ በዚህ ጊዜ ሚስቱ መኪና ስትሳፈር ልቡ ማይፈራ ባል ያለ አይመስለኝም። አክስትሽ የሞተች ሰሞን አትሂጂ ያለሽ ፈርቶ ሊሆን ይችላል፣ ለዛ ቀን አልወቅሰውም። አርባው ላይ ግን ምክንያቱ የለም፣ መኪናው በፍኖተ ሰላም በጅጋ አድርጎ ደምበጫ ይገባል፣ ክልከላው ግን እንዳለ ነው። እኔ ምለይበት መንገድ ይሄ ነው፣ ጭንቀት መልስ ሲያገኝ ይበርዳል፣ ደርሻለሁ ደህና ነኝ ስትይው «ተመስገን» ብሎ ስልኩን ይዘጋል። ቁጥጥር ግን መልስ አይበቃውም፣ ደህና ነኝ ስትይው ከማን ጋር ነሽ ይላል፣ ስትነግሪው አሳዪኝ ይላል፣ ስታሳዪው ለምን ቆየሽ ይላል። ስለዚህ ሚጠይቅሽን ነገር ብቻ አትመዝኚ፣ ከመለስሽለት በኋላ፣ ይልቁንም አይ ካልሽው በኋላ ምን እንደሚሆን ተመልከቺ። ካላነሳሁ ለቀናት አያናግረኝም ብለሻል፣ እሱ ቅጣት ነው። የፈራ ሰው ድምፅሽን ሲሰማ ደስ ይለዋል እንጂ ለምን ይቀጣሻል?

ካሜራው ላይ ትንሽ እንቆይ። ማታ ዱቲ ላይ ነሽ፣ ለታካሚ መርፌ እየሰጠሽ ስልኩ ጋዋን ኪስሽ ውስጥ ይነዝራል፣ እጅሽ ስራ ላይ ነው ልብሽ ግን ሄዷል። ከዛ ጥግ ይዘሽ ታነሺና ታዞሪለታለሽ፣ ክፍሉን፣ አልጋውን፣ ኮሪደሩን። ለአስር ደቂቃ ይረጋጋል። ከዛ ጥርጣሬው ተመልሶ ይመጣል፣ ካሜራው ያላሳየው ጥግ ይታየዋል፣ እና ይደውላል። እከክ እንደማከክ ነው፣ ባከኩት ቁጥር ለጊዜው ደስ ይላል፣ ቁስሉ ግን ይሰፋል። እኛ ባለሙያዎች ደጋግመን ምናየው ነገር ነው፣ ማረጋገጫ በሰጠሽው ቁጥር ማረጋገጫ ካላገኘ መረጋጋት ማይችል ሰው እየሆነ ነው ሚሄደው። ስለዚህ እሺ በማለትሽ እሱም አልተጠቀመም። ጥፋቱ ያንቺ ነው ማለቴ በፍጹም አይደለም፣ ሰላም ፈልገሽ ነው ያደረግሽው። ሌላ ደግሞ አለ፣ ካሜራውን ስታዞሪ ሚታየው እኮ የተኛ በሽተኛ ነው፣ አንዳንዴም ምጥ የያዛት እናት ትሆናለች። የነሱን ገመና ለማንም ማሳየት አትችዪም፣ ባልም ቢሆን፣ ሙያሽ ይከለክልሻል። ይሄ ለንግግር መጀመሪያ ጥሩ በር ይሆንልሻል፣ ምክንያቱም ስለ እምነትና ስለ ቅናት ሳትከራከሩ «ይሄን ማድረግ አልችልም» ማለት ትችያለሽ።

ብዙ ሰው ሁሉም ጭንቀት ነው፣ በልጅነቱ ተጎድቶ ነው ይላል፣ የተወሰነው እውነት ነው። ግን አንድ ነገር ጠይቂ። ገበያ ላይ በርበሬ አሳንሶ መዝኖብኛል ብሎ ሚጠረጥረውን ነጋዴ በቪዲዮ እየደወለ መጋዘንህን አዙረህ አሳየኝ ይለዋል ወይ? ከደንበኛ ጋር ሲጣላስ ለቀናት ያኮርፋል ወይ? ውጭ ራሱን ሚገዛ ሰው እቤት ሲገባ ካልገዛ አልቻለም ማለት አይከብድም? ይገባኛል ብሎ ሊሆን ይችላል፣ ሚስቴ አይደለች ወይ፣ መብቴ ነው ብሎ። ይሄ ደግሞ በመድኃኒት ሳይሆን በንግግርና በወሰን ነው ሚስተካከለው።

የገንዘቡ ነገር። ደመወዝሽ በጋብቻ ውስጥ የጋራ ሀብት ነው፣ እሱን አልክድም፣ የጋራ ማለት ግን የሁለታችሁም ማለት ነው። የሱን የንግድ ሂሳብ ታውቂዋለሽ ወይ? ካላወቅሽ ለሁለታችሁም ሚታየው ያንቺ ሂሳብ ብቻ ነው፣ የሱ አይታይም ማለት ነው። የ1987ቱ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 34 ባልና ሚስት ሲጋቡም፣ በትዳር ሲኖሩም፣ ሲፋቱም እኩል መብት አላቸው ይላል፣ ይሄን እቤት ውስጥ እንደ ዳኛ እንድታነቢበት አይደለም ምነግርሽ፣ ስትጠይቂ ልክ ያልሆነ ነገር የጠየቅሽ እንዳይመስልሽ ነው። ለልጅሽ ድንገት መድኃኒት ቢያስፈልግና እሱ ባሕር ዳር ቢሆን ከሂሳብሽ አምስት መቶ ብር ማውጣት ትችያለሽ? ካልቻልሽ ይሄ የቁጠባ ጉዳይ አይደለም።

እንግዲህ ምን ይደረግ። ሁሉንም ባንዴ አታንሺ፣ ፒኑን ካሜራውን ለቅሶውን ባንድ ምሽት ካወጣሽው ክስ ይሆናል እሱም መከላከል ይጀምራል። በካሜራው ጀምሪ። ከገበያ ደክሞ ሲገባ ሳይሆን እሁድ ከቤተክርስቲያን መልስ፣ ልጅቷ ስትተኛ፣ «ስገባና ስወጣ እደውልልሃለሁ፣ በመሃል ግን በሽተኛ ላይ ነኝ፣ ቪዲዮ አላነሳም» በይው፣ አጭር፣ ያለ ማብራሪያ ጋጋታ፣ ያልሽውንም አድርጊ፣ ስገባ እደውላለሁ ካልሽ ደውይ። ከዛ ጠብቂ። ቢነጫነጭ፣ አንድ ሁለት ሳምንት ፊቱ ቢከፋና ቀስ እያለ ቢለምደው፣ ይሄ ሰው ሊለወጥ ይችላል፣ ወደ ፒኑም መሄድ ትችላላችሁ፣ መልእክቱ በሁለታችሁም ስልክ እንዲመጣ ከማድረግ ይጀመራል። ባለሙያ ጋ አብሮሽ ለመምጣት ፈቃደኛ ከሆነማ በጣም ጥሩ።

ሽማግሌ ይግባ ካልሽ አልቃወምም፣ ሽምግልና ባገራችን ስንት ትዳር አቁሟል። ግን ማንን እንደምትመርጪ አስቢበት። «ቻይው የኔ ልጅ፣ ባል አይደለም ወይ» ብቻ ሚል ሽማግሌ ይዘሽ ብትሄጂ ተሸክመሽው ትመለሻለሽ። የንስሐ አባታችሁ አስተዋይ ከሆኑ ከሳቸው ጀምሪ፣ ካንቺ ወገን አንድ የበሰለች ሴት ትኑርበት። ስትናገሪም ይቆጣጠረኛል ካልሽ «ታዲያ ባል አይቆጣጠር?» ይሉሻል። «ለአክስቴ አርባ ከልክሎኛል፣ ከደመወዜ ብር ማውጣት አልችልም፣ ዘመዶቼን በወር አንዴ ማየት እፈልጋለሁ» በይ። አርባ ከልክሎኛል የሚለውን ሰምቶ ዝም ሚል የጎጃም ሽማግሌ አይኖርም።

አይመታኝም ያልሽውን እመኚኝ በደስታ ነው ያነበብኩት፣ ግን ይሄን ሳልነግርሽ ማለፍ አልችልም። አንዳንድ ሰው እስካሁን ያልመታው እስካሁን አይ ስላልተባለ ነው። ወሰን ማስያዝ ስትጀምሪ ዛቻ ከመጣ፣ እገልሻለሁ ወይ ራሴን አጠፋለሁ ካለ፣ በር ከቆለፈብሽ፣ ስልክሽን ከቀማሽ፣ አንገትሽን ከያዘ፣ ንግግሩን አቁሚ፣ ማሸነፍ የለብሽም። እቤት መሣሪያ ካለ ደግሞ፣ ባካባቢያችን ብዙ ቤት እንዳለ እናውቃለን፣ ከመጀመሪያው ብቻሽን ሆነሽ አታናግሪው፣ ሰው ባለበት ይሁን። የልጅሽን የልደት ካርድ፣ የትምህርት ማስረጃሽንና መታወቂያሽን ኮፒ አድርገሽ እህትሽ ጋ አስቀምጪ፣ ማታ በማንኛውም ሰዓት ብትመጪ ሚከፍትልሽ አንድ ቤት አስቀድመሽ ተነጋገሪ። የወረዳው ሴቶችና ሕፃናት ጽሕፈት ቤትና ፖሊስ ጋ መሄድ ቤት ማፍረስ አይደለም። ለኔም ሆነ ለእህትሽ ምትጽፊው እሱ ስልክሽን ሚከፍት ከሆነ ካንቺ ስልክ አይሁን፣ ስራ ቦታ ከምታምኚው ሰው ስልክ ጻፊ።

ለታናሽ እህትሽም አንድ መልእክት አለኝ። ቃሉን በማወቅሽ ጎበዝ ነሽ፣ ግን በየቀኑ ፍቺው ፍቺው አትበያት፣ እንደዛ ካልሻት ካንቺም መደበቅ ትጀምራለች፣ ያኔ ብቻዋን ትቀራለች። ብትወስን ባትወስን አብረሻት እንዳለሽ ንገሪያት፣ ዱቲ በምትገባበት ማታ ልጅቷን ያዢላት፣ የአክስታችሁ ሙት ዓመት ሲደርስም ባሏን እንደ ቤተሰብ ራስሽ ሄደሽ ጥሪው፣ አብረን እንሂድ በይው።