ሰዓቱን ማን ይሞላዋል?

ውድ ልጆቼ፣

ጊዜን በስውር የሚቀርጽና የሚጠግን ማኅበር ያለበት ታሪክ እንደምትወዱ አውቃለሁ። ዕድሜዬን ሰዓት ስፈታና ስገጥም ስለኖርኩ ምኞቱ ይገባኛል። ማንም ሳያይ የተበላሸን ነገር አስተካክሎ ዞር ማለት ደስ ይላል። ሙያ በልብ ነው ተብለን ነው ያደግነው። ደግሞም እንዲህ ያለ ማኅበር በእውነት ነበር። ምክሬን ከሱ ልጀምር።

ፓሪስ ውስጥ ፓንቴዮን የሚባል፣ ፈረንሳዮች ታላላቅ ሰዎቻቸውን የሚቀብሩበት ሕንጻ አለ። በውስጡ በ19ኛው ክፍለ ዘመን የተሠራ ትልቅ ሰዓት ነበረ። ከ1960ዎቹ (እዚህ የምጠራቸው ዓመቶች ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው) ወዲህ ቆሞ ዝገት ይበላው ነበር። በ2005 ኡንተርጉንተር የተባለ ስውር ቡድን ገባበት። አባላቱ ጉልላቱ ሥር ወርክሾፕ አቋቋሙ፤ ወንበርና መደርደሪያ አስገቡ፣ መብራት ሳይቀር ሳቡ። አንድ ዓመት ያህል በድብቅ ሠሩ። ሥራውን የመራው ዣን ባፕቲስት ቪዮ የሚባል ባለሙያ ሰዓት ሠሪ ነው። ይህን ልብ በሉ። ፍላጎት ብቻ ይዘው አልገቡም፤ የሚያውቅ ሰው ይዘው ነው የገቡት።

ዋናው ጉዳት የደረሰው ቲክ ታክ በምታሰኘው ጥርሳም ጎማ ላይ ነበር። ሰዓት ሲሞላ የሚጠራቀመው ጉልበት በአንዴ ልውጣ ይላል። ይህች ጎማ ናት የምትቆጣጠረው። አንድ ጥርሷ ይያዛል፣ ትቆማለች። ፔንዱለሙ ሲወዛወዝ ትለቀቃለች፣ አንድ እርምጃ ትሄዳለች፣ ደግሞ ትያዛለች። በብዙ የድሮ የእጅ ሰዓቶች ውስጥ ቲክ ታኩ በሰዓት 18,000 ጊዜ ይመታል፤ በሰከንድ 5 ማለት ነው። ጎማዋ ትንሽ ከተጣመመች ሌላው ሁሉ ደህና ቢሆንም ሰዓቱ አይሄድም።

ታዲያ ይህችን ጎማ ማን አበላሻት? ቡድኑ የጠረጠረው አንድ የቀድሞ ሠራተኛን ነው። ሰዓቱን በየሳምንቱ መሙላት ታክቶት በብረት መታት ብለው ያምናሉ። እውነት ከሆነ፣ እኔ በሰውየው ላይ ለመፍረድ አልቸኩልም። በየሳምንቱ ያንን ሁሉ ደረጃ ሲወጣ አንድ ሰው እንኳ እግዜር ይስጥልን ብሎት ያውቅ ይሆን?

ቡድኑ አዲስ ጎማ ሠራ፣ ሰዓቱ ተነሣ። ወዲያው ግን ያው የድሮ ጥያቄ መጣ። በየሳምንቱ ማን ይሞላዋል? ተደብቆ መጠገን ይቻላል፤ ተደብቆ ዕድሜ ልክ መሙላት ግን አይቻልም። ስለዚህ በ2006 ራሳቸውን ገልጠው ለሕንጻው አስተዳዳሪ ነገሩት። ምስጋና ቀርቶ ክስ መጣ። በኅዳር 2007 ፍርድ ቤት ቀርበው ነጻ ወጡ። ሰዓቱ ግን ቆመ። አስተዳደሩ ወደ ቀድሞው ሁኔታው ይመለስ ብሎ ሌላ ሰዓት ሠሪ ቀጠረ። ሰውየው የተጠገነ ሰዓት አላበላሽም አለ፤ ያችን ጎማ ብቻ ፈትቶ አወጣ። ስሙን ባላውቀውም ይህን ሰው አከብረዋለሁ።

በሌሊት ሰው ግቢ ግቡ አልላችሁም፤ እሱን አልደግፈውም። የምላችሁ ሌላ ነው። የምትሠሩት ሥራ ምንም ይሁን፣ መጀመሪያ የሚሞላውን ሰው ፈልጉ። በየመሥሪያ ቤቱ እንዲህ ያለ ሰው አለ። ባክአፕ የሚያደርገው፣ ጄኔሬተሩን የሚፈትሸው፣ መዝገቡን በየወሩ የምታመሳክረው። አብዛኛውን ጊዜ ስማቸውን የሚጠራ የለም። አጠገባቸው ተቀመጡ፣ ጠይቁ፣ አመስግኑ። ሲሄዱ ሥራቸውን የሚረከብ እንዲኖር ከአሁኑ ተናገሩ። አዲስ ነገር መርቆ ሪባን መቁረጥ ለሁሉም ይጥማል። ሰው የሚታጣው ለማግስቱ ነው።

ጊዜን የሚቀርጽ ማኅበርስ የት አለ ካላችሁኝ ደግሞ እዚያው ፓሪስ አጠገብ ሴቭር ላይ አለ። ዓለም አቀፉ የሚዛንና የመለኪያ ቢሮ ይባላል። በየአገሩ ባሉ ላቦራቶሪዎች የሚሠሩ ከ400 በላይ አቶሚክ ሰዓቶችን (በአቶም ንዝረት ጊዜን የሚቆጥሩ ናቸው) ንባብ ይሰበስባል፣ አመዛዝኖ የዓለምን ሰዓት ያወጣል። በየወሩም ለእያንዳንዱ ላቦራቶሪ ያንተ ሰዓት ይህን ያህል ናኖሰከንድ (የሰከንድ ቢሊዮንኛ) ቀድሟል፣ ያንተ ዘግይቷል ብሎ ይጽፋል። እኔ ይህን ሳስብ የጽዋ ማኅበር ይመጣብኛል። ወሩ ይደርሳል፣ ተረኛው ይደግሳል፣ ጽዋው ለቀጣዩ ያልፋል፤ የሚቋረጥበት ወር የለም። ታላቅነቱ እዚህ ነው እንጂ በምስጢር አይደለም።

በእጅ ስለሚሠራው አንድ ነገር ልጨምር። የቆመ አሮጌ የእጅ ሰዓት ሲመጣ ብዙ ጊዜ የተሰበረ ነገር የለውም። ዘይቱ ደርቆ ነው። የማያውቅ ሰው ከላይ የስፌት መኪና ዘይት ጠብ ያደርግበታል። ለጥቂት ቀን ይሄዳል፣ ከዚያ አቧራውና ዘይቱ ተለውሰው ጭራሽ ያንቁታል። የሚያውቅ ሰው ሁሉንም ይፈታል፣ በቤንዚን ያጥባል፣ ያደርቃል፣ ከዚያ በመርፌ ጫፍ ለዓይን የማትሞላ ጠብታ በየማረፊያው ያኖራል። ጊዜ ይወስዳል፣ ለዓመታት ግን ይሄዳል። በሙያችሁም አለቃ ፍጠኑ ሲላችሁ ከላይ ዘይት ጠብ የማድረግ ፈተና ይመጣል። እባካችሁ እምቢ በሉ።

ለናንተ የተረፈ ሥራም አለ። ምድር ስትዞር እኩል አትዞርም። በአቶሚክ ሰዓት የሚቆጠረው የዓለም ሰዓት ከእሷ ጋር እንዲስማማ ከ1972 ወዲህ 27 ጊዜ አንዳንድ ሰከንድ ተጨምሮበታል፤ የመጨረሻው በ2016 መጨረሻ ነው። በ2012 የተጨመረችው አንዲት ሰከንድ ስንቱን ሰርቨር እንዳናወጠች ሶፍትዌር የምትሠሩት ታውቁ ይሆናል። በ2022 አገሮች ተሰብስበው ይህ አሠራር እስከ 2035 እንዲለወጥ ወሰኑ። የምድርና የሰዓቱ ልዩነት እየሰፋ ሲሄድ እንዴት ይስተካከል የሚለው እናንተ ሥራ ላይ ሳላችሁ የሚፈታ ነው። ፊዚክስና ሒሳብ የምትወዱ በርቱ።

እጃችሁን ማፍታታት የምትሹ ደግሞ ከአሮጌ የጠረጴዛ ሰዓት ጀምሩ። ስትፈቱ በየደረጃው በስልካችሁ ፎቶ አንሡ። ብሎኖቹን በተፈቱበት ተራ ነጭ ጨርቅ ላይ ደርድሩ። ሞላውን ግን ጉልበቱን ሳታስለቅቁ አትንኩት፤ ጣት ይቆርጣል።