የተተወ መርከብ የማን ነው? ጥያቄና መልስ ከኮምቦልቻ

ለዓመታት በመርከብ ላይ የሠሩትና ዛሬ ኮምቦልቻ ሆነው የአስመጪዎችን የጭነት ጉዳይ የሚከታተሉት ጋሼ የአባላትን ጥያቄ ይመልሳሉ።

ተማሪ፣ ደሴ፦ ጋሼ፣ ሠራተኞቹ ጥለውት የወጡት መርከብ ላገኘው ሰው ይሆናል?

መልስ፦ አይሆንም። ሠራተኛ ወጣ ማለት ባለቤት የለውም ማለት አይደለም። ሱኒዮን የተባለው የነዳጅ ጫኝ መርከብ እ.ኤ.አ. ኦገስት 2024 ቀይ ባሕር ላይ ሲመታ ሠራተኞቹ በሙሉ ወጡ። መርከቡ 1 ሚሊዮን በርሜል ገደማ ድፍድፍ ነዳጅ እንደያዘ እየነደደ ቀረ። ጎታች ጀልባዎች ስበው ወሰዱት፣ እሳቱም ጠፋ። ባለቤቱ ግን ባለቤት ነው። አዳኙ፣ ማለትም መርከቡን ከአደጋ ያወጣው፣ የድካሙን ዋጋ ነው የሚጠይቀው።

ነጋዴ፣ ፒያሳ፦ ስንት ፐርሰንት?

መልስ፦ ቁርጥ ያለ ፐርሰንት የለም። እ.ኤ.አ. በ1989ኙ ዓለም አቀፍ የመርከብ ማዳን ስምምነት የዳነው ንብረት ዋጋ፣ የአደጋው ክብደትና የአዳኙ ጥረት ይታያል። ምንም ካልዳነ በመርህ ደረጃ ክፍያ የለም።

አስመጪ፣ ኮምቦልቻ፦ ባሕር የለንም። እኛን ምን አገባን?

መልስ፦ በደንብ ያገባችኋል! የማዳኑን ዋጋ መርከቡ ብቻውን አይከፍልም። ጭነቱም እንደ ዋጋው ያዋጣል። መርከቡና ጭነቱ በጠቅላላ 50 ሚሊዮን ዶላር ቢያወጡ፣ ለአዳኙ 5 ሚሊዮን ቢፈረድና የአንተ ኮንቴይነር 50 ሺህ ቢሆን፣ ድርሻህ 5 ሺህ ዶላር ነው። የዋስትና ወረቀት እስክታቀርብ ኮንቴይነርህ ይያዛል። ኢንሹራንስ ካለህ ወረቀቱን ኩባንያው ይፈርምልሃል። ከሌለህ ጥሬ ገንዘብ ታስይዛለህ። ኤቨር ግሪን የተባለው ኩባንያ የሚከራየው ኤቨር ጊቨን የተባለው መርከብ እ.ኤ.አ. በ2021 ስዌዝ ካናል ላይ ሲጣበቅ ጄኔራል አቬሬጅ፣ ማለትም ለጋራ ደኅንነት የወጣውን ወጪ መርከቡና ጭነቱ የሚካፈሉበት ደንብ፣ ታወጀ፤ ዕቃቸው ምንም ያልሆነባቸው ነጋዴዎችም ተጠየቁ። ስለዚህ ጭነታችሁን ኢንሹራንስ አስገቡ።

ሹፌር፦ አሰብ ቢሆንልን ይኼ ሁሉ ባልመጣ። ሚሌን በሌሊት ያቋረጠ ያውቀዋል።

ነጋዴ፣ ፒያሳ፦ አሰብም ቢሆን መርከቡ ያው ቀይ ባሕርን ነው የሚያቋርጠው፣ ወንድሜ።

ሹፌር፦ የነዳጁስ ወጪ? መንገዱስ?

መልስ፦ ስለ አሰብ ሌላ ቀን። ቀጥሉ።

አባል፦ ጭነቴ ዘገየ፣ ምን ላድርግ?

መልስ፦ የቱ ጭነት? በየትኛው መርከብ? ሳይነገረኝ ምን ልበል? ቢል ኦፍ ሌዲንግህን፣ የጭነት ሰነድህን፣ ይዘህ ና።

ወጣት፣ ደሴ፦ መርከብ ላይ ልቀጠር ነው። ባለቤቱ ደመወዝ ሳይከፍል ጥሎን ቢጠፋስ?

መልስ፦ ጥሩ ጠየቅህ፣ ልጄ። ቢያንስ የ2 ወር ደመወዝ ካልተከፈለህ ወይም ምግብና ውሃ ከተቋረጠ፣ በሕጉ እንደተተወ መርከበኛ ትቆጠራለህ። የመርከቡ ባለቤት የገባው ኢንሹራንስ እስከ 4 ወር ደመወዝና ወደ አገርህ መመለሻህን ይሸፍናል። የኢንሹራንሱ የምስክር ወረቀት መርከቡ ውስጥ በግልጽ ቦታ መለጠፍ አለበት። ከመፈረምህ በፊት ቅጂውን ጠይቅ። ስዌዝ አጠገብ አማን የተባለው መርከብ ሲታገድ ፍርድ ቤት አንድን ሶርያዊ መርከበኛ ጠባቂ አድርጎ መደበው። 4 ዓመት ገደማ መውጣት አልቻለም። ነፃ የወጣው በኤፕሪል 2021 ነው። ያልገባህን ወረቀት አትፈርም።

ሌላ አባል፦ ባዶ መርከብ ካገኘሁ የኔ ነው እንዴ?

መልስ፦ ከላይ መልሻለሁ። አንብቡ እንጂ!

አስመጪ፣ ኮምቦልቻ፦ ርካሹ ኢንሹራንስ ይበቃል?

መልስ፦ ኢንስቲትዩት ካርጎ ክሎዝ የሚባሉ የጭነት ኢንሹራንስ ውል ዓይነቶች ኤ፣ ቢ እና ሲ አሉ። ርካሹ ሲ እንኳ የማዳኑንና የጄኔራል አቬሬጁን ድርሻ ይሸፍናል። የዕቃህን ዋጋ ዝቅ አድርገህ ካስመዘገብህ ግን ልዩነቱን ከኪስህ ትከፍላለህ። ስለዚህ እውነተኛውን ዋጋ አስመዝግብ።